ማን ማንን ጠለፈ

ሳጅን ሥራነሽ ወንበር ሰጠችው፤ ድረስ ግን መቆሙን መረጠ። መጀመሪያ አክብሮት መስሏት ነበር። ሁለተኛ «ተቀመጥ» ስትለው ግን የወንበሩን ጠርዝ በእጁ ዳሰስ ዳሰስ አደረገና፣ ጥቂት አስቦ፣ «ይቅርብኝ፤ ብቆም ይሻለኛል» አላት። ቀድሞውንም ወደ ክፍሉ የገባው እግሮቹን አንፈራጥጦ፣ በጉልበቶቹ መካከል የማይታይ በርሜል እንደያዘ ሰው ሆኖ ነበር።

«ሲይዙህ የመታህ ሰው አለ?»

«ማንም አልመታኝም።»

«ታዲያ ምን ሆነህ ነው?»

«ኮርቻ ነው» አለ ድረስ፣ ወለሉን እያየ።

ድረስ ሮብ ገበያ ከተማ ውስጥ ስልክ የሚጠግን ወጣት ነው። በእነዚያ ቀጫጭን ጣቶቹ የማይፈታው ስልክ የለም ይባልለታል፤ ከዚያ ውጭ ግን ብዙም አይወራለትም። አሁን ፖሊስ ጣቢያ የቆመው በጠለፋ ተጠርጥሮ ነው። ጠለፋት የተባለችው ደግሞ የአቶ ይስማው ልጅ የኔአለም ናት።

«ነገሩ እንደ ቀላል እንዳይታይህ» አለችው ሳጅኗ። «ጠለፋ ከሦስት እስከ አሥር ዓመት ያሳስራል። ሽማግሌ ገብቶ ቢያስታርቅ፣ ኋላ ተጋብታችሁ ብትገኙ እንኳ ወንጀሉ አይፋቅም። የድሮው ቀርቷል። ገብቶሃል?»

ገብቶታል። ጭንቁም ከዚያ የመጣ ነው። ውሸቱን ቢናገር ይታሰራል። እውነቱን ቢናገር ደግሞ ነፃ ይወጣል፤ ነገር ግን ከዚያ በኋላ በዚህ ከተማ ቀና ብሎ የሚሄድበት መንገድ አልታየውም።

እውነቱ እንዲህ ነው። የኔአለም ደብረ ማርቆስ በእንስሳት ጤና ተምራ ተመርቃ ቀበሌያቸው ውስጥ ከብት የምታክም፣ እምቢ ያለ በሬ በቀንዱ ይዛ መርፌ የምትወጋ የሃያ ሦስት ዓመት ሴት ናት። ከድረስ ጋር የተዋወቁት ስልኳ ውሃ ገብቶበት ይዛለት የመጣች ዕለት ነው። ስልኩ ዳነ። ከዚያ ወዲህ ግን ጤና አጣ፤ አንድ ሳምንት ድምፁ ይጠፋል፣ ሌላ ሳምንት መብራቱ ይደክማል፤ ድረስም ፈትቶ መልሶ ይገጥማል እንጂ ምንም ብልሽት አያገኝበትም። እንዲህ ሲባል ከረመና የድረስ ቤተሰብ ሽማግሌ ላከ። አቶ ይስማው ሽማግሌዎቹን በወግ ተቀበሉ፤ አብልተው አጠጥተው ሲያበቁ፣ «እርፍ ጨብጦ ለማያውቅ ልጄን አልሰጥም» ብለው ሸኟቸው። እሳቸው ልባቸው ያለው ደምበጫ ላይ አይሱዙ ካለው አንድ የእህል ነጋዴ ዘንድ ነበር።

በሮቡ የገበያ ቀን፣ ከቀትር በኋላ፣ የኔአለም በአባቷ ዳማ ፈረስ ላይ ሆና ከድረስ ሱቅ ደጃፍ ቆመች።

«ዝጋ» አለችው።

«ምኑን?»

«ሱቁን ነዋ። አባቴ ለደምበጫው ሰውዬ እሺ ብሎ ቀን ቆርጧል። እኔን የጠየቀኝ የለም። አክስትህ ቤት እንሂድና ከዚያ ሆነን ሽማግሌ እንልካለን።»

«የመሪጌታን ስልክ ፈትቼ ነው እኮ ያለሁት።»

«ይዘኸው ና።»

ድረስ ብሎኖቹን በወረቀት ጠቀለለ፣ የስልኩን አካላት በሁለት ኪሱ አከፋፈለ፣ ሱቁን ዘጋ። ከዚያ ፈረሱን ቀና ብሎ አየው። ፈረሱም አየው። ድረስ ፈረስ ይፈራል። አባቱ አቶ ቢተው በጥምቀት ጉግስ ስማቸው የሚጠራ ፈረሰኛ ናቸው፤ እሱን ግን በልጅነቱ ኮርቻ ላይ አውጥተው ከለቀቁት ወዲህ የፈረስ ኮቴ ሲሰማ መንገድ ይቀይራል።

«ከኋላ ነው የምወጣው?» አላት።

«ልጓም መያዝ ትችላለህ?»

«አልችልም።»

«እንግዲያው ከኋላ።»

ከቡና ቤቱ በር ወንበር ተበድራ፣ በወንበሩ ላይ አቁማ፣ ጎትታ አወጣችው። ጭጋጉ ከጮቄ ተራራ ወርዶ መንገዱን ሞልቶት ስለነበር ብዙ ሰው አላያቸውም። ድረስ ወገቧን ጥርቅም አድርጎ አቀፈ፤ ያቀፈው በፍቅር ነው እንዳይባል ዓይኑን ጨፍኖ ዳዊት ይደግም ነበር። አክስቱ ደጅ ሲደርሱ ሁለት ሴቶች ደግፈው አወረዱት። ያን ሌሊት በሆዱ ተኝቶ አደረ።

ጠለፋ የተባለው ይህ ነው።

አቶ ይስማው ልጃቸውንም ፈረሳቸውንም ባጡ ጊዜ በቀጥታ ወደ ፖሊስ ጣቢያ ሄደው «ልጄ ተጠለፈች» አሉ። ክፋት አልነበረባቸውም። ልጁ የተጠለፈችበት አባት ይታዘንለታል፤ ልጁ ወድዳ የሄደችበት አባት ግን መሳቂያ ነው። በእሳቸው ግምት ድረስ እስኪለዝብ ጥቂት ይያዛል፤ ከዚያ ሽማግሌ ይመጣል፣ ይለመናሉ፣ እምቢ ይላሉ፣ ይለመናሉ፣ እሺ ይላሉ፤ አለቀ። ዱሮ የሚያውቁት እንደዚያ ነው። ፖሊስም በማግስቱ ሁለቱን ከነፈረሱ ከአክስቱ ቤት ይዞ መጣ።

የሚገርሙት አቶ ቢተው ናቸው። ልጃቸው ሰው ጠልፎ መታሰሩን ሲሰሙ ነጭ ኩታቸውን ለበሱ፣ ዱላቸውን ያዙ፣ ልጃቸው የተሾመ ይመስል ፊታቸው እየበራ ወደ ጣቢያው መጡ። ማንም ሳይጠይቃቸው «አዎ፣ የእኔ ልጅ ነው የጠለፋት» አሉ። «የአባቱ ልጅ ነው። እኔም እናቱን የወሰድኳት እንደዚሁ ነው፤ ከምንጭ ዳር አፈፍ አድርጌ፣ ወንዝ ሞልቶ እያለ ተሻግሬ…» ሳጅኗ በትዕግሥት እስከ መጨረሻው ሰማቻቸው፤ ቃላቸውን ጻፈች፤ እሳቸውም ደስ ብሏቸው ፈረሙ። በዚህ ዓይነት በምንም ነገር ተስማምተው የማያውቁ ሁለት አባቶች ድረስን ለማሳሰር ተስማሙ።

«እንግዲህ ሁለት አባቶች በአንድ ቃል መስክረዋል» አለችው ሳጅን ሥራነሽ። «አንተስ ምን ትላለህ?»

ድረስ በመስኮቱ ወደ ውጭ አየ። አባቱ ግቢው ውስጥ ቆመው ዱላቸውን ከፍ አድርገው «በርታ» የሚል ምልክት ሰጡት።

«ጠልፌያታለሁ… ልበል?»

«ልበል ማለት ምን ማለት ነው?»

«አባቴ እንደዚያ በል ብለውኛል።»

ሳጅኗ እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። «ኪስህ ውስጥ ያለውን አውጣ» አለችው። አንድ የብሎን መፍቻ፣ በወረቀት የተጠቀለሉ ብሎኖች፣ የስልክ ባትሪ፣ የስልክ ጀርባ ወጡ። ለረጅም ጊዜ አየቻቸው።

«ሴት ሊጠልፍ የሄደ ሰው ይህን ይዞ አይቼ አላውቅም። መልሰህ ኪስህ ክተትና ውጭ ጠብቅ። የኔአለምን ለብቻዋ ነው የማነጋግራት፤ ከበሩ አጠገብም ማንም እንዳይቆም።»

ይህን የምታደርገው በዘፈቀደ አልነበረም። በሥራዋ ዘመን በእውነት የተጠለፉ ልጆች፣ አንዳንዶቹ ደረታቸው እንኳ ያልሞላ፣ ዓይናቸው አብጦ መጥተው «ወድጄ ነው» ሲሉ ሰምታለች፤ እንዲያ በሉ የተባሉ ስለሆኑ። ስለዚህ ወድጄ ነው የሚል ቃል ብቻውን አያጠግባትም።

ግቢው ውስጥ ሁለቱ አባቶች ባሕር ዛፍ ሥር አንድ አግዳሚ ላይ ተቀምጠዋል። የድረስ እናት ወይዘሮ አመተ ማርያም አገልግላቸውን አቅፈው ትንሽ ራቅ ብለው አጥሩ ሥር አረፍ ብለዋል። ዳማው ፈረስ ከምሰሶ ታስሮ ጣቢያው የተከለውን ጎመን በጎን ዓይኑ ያያል።

«አባ፣ አሥር ዓመት ነው እኮ የሚሉት» አለ ድረስ ቀስ ብሎ።

«አሥር ዓመት ምን አላት። ወንድ ልጅ የሚኖረው በስሙ ነው።»

«ስሜ ውጭ ሲኖር እኔ ውስጥ ነኝ እኮ።»

«ወግድ እቴ፤ ሽማግሌ ገብቶ ያልቃል። በእኔ ጊዜ አንድ ወይፈን ታረደ፣ በቃ።»

«ትክክል ነው» አሉ አቶ ይስማው፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ አቶ ቢተው ዞር ብለው። «ድንጋይ ተሸክማችሁ ደጄ ትወድቃላችሁ። እኔ እምቢ እላለሁ። ትንሽ ትቆያላችሁ። ከዚያ እሺ እላለሁ።»

«ድንጋዩ ግን ከባድ እንዳይሆን። ወገቤን ያመኛል።»

«ትንሽ ከሆነማ ሰው ይስቅብኛል።»

«መካከለኛ ይሁን።»

«መካከለኛ ይሁን እሺ፤ ግን ጠፍጣፋ አይደለም።»

«ሕጉ ተቀይሯል እኮ፤ ሽማግሌ አይገባበትም» አለ ድረስ። ሁለቱም አልሰሙትም፤ ድንጋዩ ከየትኛው ወንዝ እንደሚመጣ ይነጋገሩ ነበር።

በመጨረሻ በሩ ተከፈተና ሳጅን ሥራነሽና የኔአለም ወጡ። የኔአለም እጆቿን ደረቷ ላይ አጣምራ አባቷን ትክ ብላ አየች።

«የኔአለም የምትለው ሌላ ነው» አለች ሳጅኗ። «ፈረሱን የጫነችው እሷ ናት። ሱቁ ሄዳ የወሰደችውም እሷ ናት።»

«ማንን?» አሉ አቶ ቢተው።

«ልጅዎን።»

አቶ ቢተው ተነሡ። «የእኔ ልጅ ተጠለፈ ነው የምትዪኝ?»

«ማንም አልተጠለፈም ነው የምልዎት፣ አያ ቢተው። ሁለት ለአቅመ ሄዋንና ለአቅመ አዳም የደረሱ ሰዎች ተስማምተው ሄዱ።»

«አስፈራርቷት ነው» አሉ አቶ ይስማው።

የኔአለም ድረስን አየችው። ድረስ ባሕር ዛፉን ተደግፎ እንደተንፈራጠጠ ነው። «ይኼ?» አለች።

«እኔም መጀመሪያ ያሰብኩት እንደዚያ ነበር» አለች ሳጅኗ። «ለዚህ ነው ደጋግሜ የጠየቅኳት። ይልቅ ይንገሩኝ፣ አያ ይስማው፤ ይህ ፈረስ የማን ነው?»

አቶ ይስማው ደረታቸውን ነፉ። «የእኔ ነዋ። ከእኔና ከልጄ በቀር ሰው አያስጠጋም። ባለፈው ጥር ሠርግ ላይ የአንዱን ሚዜ ትከሻ ነክሶ…» አሉና አፋቸውን ያዙ።

«ታዲያ ድረስ እንዴት አድርጎ ወጣበት?»

አቶ ይስማው ጎመኑን ማየት ጀመሩ። አቶ ቢተው ግን እንደ እሳት ጋሉ። «የቢተው ልጅ የማይወጣበት ፈረስ አልተወለደም» አሉ። ሳጅኗ «እኔ የምቀበለው የእሷን ቃል እንጂ የፈረስ ምስክርነት አይደለም» ብትልም አልሰሙም፤ ልማደኛ ፈረሰኛ ናቸውና ልጓሙን አሳጥረው ይዘው ፈረሱን ግቢው መሃል አቆሙት።

ሰው መቼም ከየት እንደሚመጣ አይታወቅም። አጥሩ በአንድ አፍታ ሞላ። «ጠላፊው ሊጋልብ ነው» ተባለ።

ድረስ ቀረበ። በደንብ ከጋለበ እስር ቤት ነው፤ ከወደቀ ነፃ ነው። ይህን ልቦናው ያውቀዋል። ነገር ግን የአባቱን ዓይን ሲያይ፣ እውነት ለመናገር፣ በዚያች ቅጽበት መጋለብ ፈለገ።

«ግራ እግርህን እርካቡ ላይ» አሉ አባቱ በሹክሹክታ። ቀኝ እግሩን አገባ። ዳማው አንገቱን አዙሮ የኮቱን ኮሌታ በጥርሱ ያዘና አሸተተው፤ ከዚያ አንድ እርምጃ ተራመደ። ድረስም በአንድ እግሩ እየዘለለ ተከተለው። ፈረሱ ግቢውን ሲዞር እሱም እየነጠረ ዞረ።

«ተወርወር» አሉ አቶ ቢተው።

ተወረወረ። በወዲህ ወጥቶ በወዲያ ወረደ። ያረፈው ጎመኑ ላይ ነው። ከኪሱ የመሪጌታ ስልክ ብትንትኑ ወጣ፤ ድረስም መውደቁን ረስቶ «ብሎኖቹን እንዳትረግጡ» አለ። አቶ ይስማው ሳይቀሩ ተንበርክከው ብሎን ይፈልጉ ጀመር። የኔአለም በምላሷ ቀጭ ስታደርግ ዳማው መጥቶ ራሱን ትከሻዋ ላይ አኖረ።

አጥሩ ላይ ያለው ሰው ሆዱን ይዞ ሳቀ።

«ኮርቻው ነው» አሉ አቶ ቢተው። «ልጁም ዛሬ አሞታል። እኔ ቃሌን አላነሣም። ልጄ ጠልፏል። እኔም ጠልፌያለሁ። ውሸት ከመሰላችሁ እናቱ ያቻት፣ እሷ ትንገራችሁ።»

ሁሉም ወደ ወይዘሮ አመተ ማርያም ዞረ። ድረስም ዞረ። ያን ታሪክ በየሠርጉና በየማኅበሩ ከአባቱ አፍ ሲሰማ ነው ያደገው፤ ከእናቱ አንድም ቀን ሰምቶት አያውቅም።

«ምን ልንገር?» አሉ ወይዘሮ አመተ ማርያም።

«ያን ቀን ነዋ። ወንዙን ስንሻገር የሆነውን።»

«ወንዙን አላየሁትም። በነጠላዬ ዓይኔን አስራችሁኝ ነበር።» አገልግሉን መሬት ላይ አኖሩት። «ገና ልጅ ነበርኩ። እንስራዬ ተሰበረ። ውሃ ላኩኝ እንጂ ባል አግቢ ያለኝ አልነበረም። ክረምቱ እስኪወጣ አለቀስኩ፤ ከዚያ ደከመኝና ተውኩት። ሽማግሌው መጣ፣ ወይፈኑ ታረደ፣ አባቴ እሺ አለ። እሺ ትያለሽ ወይ ብሎ የጠየቀኝ ግን እስከ ዛሬ የለም።»

አጥሩ ላይ የነበረው ሳቅ ቆመ።

«እርስዎ ክፉ ሰው አይደሉም» አሉ ወደ ባላቸው እያዩ። «በደህና ኖረናል፤ ልጆችም አሳድገናል። ግን ይህን ነገር ባነሡት ቁጥር ጓዳ የምገባው ለምን ይመስልዎታል?»

«ወጥ ልታዪ መስሎኝ» አሉ አቶ ቢተው። ድምፃቸው አንሶ ነበር።

«ወጡ ምንም አይሆንም ነበር። ልጄ እንዲህ ያለውን ነገር በሰው ልጅ አላደረገም። ፈረስ ላይ መውጣት የማይችል አድርጎ የሰጠኝ አምላክ ይመስገን።»

አቶ ቢተው ለጥቂት ጊዜ ዱላቸውን አገላብጠው አዩት፤ የሆነ ነገር የተጻፈበት ይመስል። ከዚያ ወደ ሳጅኗ ቀረቡ። «ያን ቃሌን መልሺልኝ» አሉ። «ስህተት አለበት።»

«እርስዎስ?» አለች ሳጅኗ አቶ ይስማውን። «ልጅዎን ያለ ፈቃዷ ለመዳር ቀን መቁረጡም በሕግ ያስጠይቃል፤ በሐሰት መክሰሱም እንዲሁ።»

አቶ ይስማው ከጉልበታቸው ላይ አፈር አራገፉ። የያዟትን አንዲት ብሎን ለድረስ ሰጡትና፣ «ፈረሱ እንደሆነ ደህና ነው» አሉ። «ልጂቱም ደህና ናት። ምን ቀረኝ።»

«የደምበጫው ሰውዬስ?» አለች የኔአለም።

«እሱንስ አይሱዙው ያጽናናው።»

ሳጅን ሥራነሽ ወረቀቷን ይዛ ወደ ድረስ ዞረች። «አሁን ቃልህን በትክክል ስጥ። ማንም በል ያለህን አይደለም።»

ድረስ አጥሩን አየ። ነገ ስልካቸውን ይዘውለት የሚመጡት ሁሉ እዚያ ተደርድረዋል። ጉሮሮውን ጠረገ። «አልጠለፍኳትም» አለ፣ ሁሉም እንዲሰማው አድርጎ። «መጥታ ዝጋ አለችኝ፤ ዘጋሁ። ውጣ አለችኝ፤ በወንበር ተደግፌ ወጣሁ። ከኋላ ነበር የተቀመጥኩት።»

«በፈቃድህ ነው የሄድከው?»

«ከእሷ ጋር መሄዱ በፈቃዴ ነው። የፈረሱን ነገር ግን እንጃ።»

በዚያው ቀን ማታ ከተማው ሁሉ አወቀው። እስካሁንም እሱ ሱቁ ውስጥ ጎንበስ ብሎ ሲሠራ ጎረምሶች በደጃፉ ሲያልፉ የፈረስ ኮቴ ድምፅ ያሰማሉ። እሱም ቀና ሳይል «ነገ ስልካችሁ ሲበላሽ እንገናኛለን» ይላቸዋል።

የተጋቡት ወሩ ሳይወጣ ማዘጋጃ ቤት ነው። የክብር መዝገብ ሹሙ ወጣት ልጅ ነበር፤ ምስክሮቹን አስቀመጠና የሚጠይቀውን ጠየቀ። «የኔአለም ይስማው፣ ማንም ሳያስገድድሽ፣ በሙሉ ፈቃድሽ ድረስን ለማግባት ተስማምተሻል?»

«ተስማምቻለሁ።»

«ድረስ ቢተው፣ አንተስ ማንም ሳያስገድድህ?»

ድረስ በመስኮቱ አሻግሮ ዳማውን አየው። የኔአለም በክርኗ ጎሸም አደረገችው። «ተስማምቻለሁ» አለ።

ሹሙ ብዕሩን ሊያነሣ ሲል ወይዘሮ አመተ ማርያም ከኋላ «አንድ ጊዜ፣ ልጄ» አሉት። «ያን እሷን የጠየቅካትን እስኪ ድገመው።»

«ምን ጎደለ፣ እማማ?»

«ምንም አልጎደለ። መስማት ፈልጌ ነው።»

ሹሙ ግራ ቢገባውም ደገመው። ወይዘሮ አመተ ማርያም ጭንቅላታቸውን እየነቀነቁ ሰሙ። አቶ ቢተው ኩታቸውን ያስተካክሉ ነበር።

ወደ ቤት ሲመለሱ የድረስ አባትና እናት ቀደም አሉ። ድረስና የኔአለም ከኋላ ናቸው፤ ኮርቻው ባዶውን ነው፤ ድረስ እምቢ ስላለ እሷም አብራው በእግሯ ትሄዳለች። ንፋሱ ወደ እነሱ ስለሚነፍስ የፊተኞቹ ንግግር ጥርት ብሎ ይሰማል።

«አመተ ማርያም» አሉ አቶ ቢተው። ድረስ ደነገጠ፤ አባቱ እናቱን በስማቸው ሲጠሩ ሰምቶ አያውቅም፤ ሁልጊዜ «አንቺ» ነው።

«አቤት።»

«ያ ልጅ የጠየቀው ነገር… እኔ ብጠይቅሽስ?»

«የትኛውን?»

አቶ ቢተው ወደ ኋላ ገልመጥ አሉ፤ ድረስ ቶሎ ብሎ የፈረሱን እግር የሚያይ መሰለ። «በፈቃድሽ ነው ወይ የሚለውን» አሉ አቶ ቢተው። «ከእኔ ጋር መኖሩን።»

ወይዘሮ አመተ ማርያም ነጠላቸውን ወደ ትከሻቸው መለሱ። ጮቄ ያን ዕለት ጭጋግ አልነበረበትም። «እስኪ ላስብበት» አሉ።

«እስከ መቼ?»

«ምን ያስቸኩልዎታል?»

ሁልጊዜ ፊት ፊት የሚሄዱት አቶ ቢተው እርምጃቸውን አሳጥረው ከጎናቸው ሆኑ። ዱላቸውን ከአንዱ ብብት ወደ ሌላው አዛወሩ፤ የሚስታቸውን ፊት በጎን አዩት፤ እንደገና አዛወሩ።

«ሽማግሌ ልላክ እንዴ?» አሉ በመጨረሻ።

«ይላኩ» አሉ ወይዘሮ አመተ ማርያም፣ መንገዳቸውን ሳያቋርጡ።